የምርመራ ታሪኮች መጀመሪያ የወጡበትን መጽሔት ፍለጋ

ከጥቂት ዓመታት በፊት አንድ የአጫጭር ልቦለዶች መድበል ሳነብ የአጋታ ክሪስቲ «የዐቃቤ ሕግ ምስክር» ላይ ደረስኩ። በመድበሉ መጨረሻ ታሪኩ በ1933 እንደታተመ የምትገልጽ አንዲት አጭር መስመር ነበረች። ዓመቱን እንዳለ ተቀብዬ ማለፍ እችል ነበር፤ ግን ልቤ አልረጋም። 1933 ታሪኩ የተካተተበት የደራሲዋ መድበል በእንግሊዝ የወጣበት ዓመት ነው፤ በዚያ ዘመን ደግሞ አጭር ልቦለድ በቀጥታ ወደ መጽሐፍ የሚገባው ከስንት አንድ ነበር። መጀመሪያ መጽሔት ላይ ይወጣል፣ ደራሲውም የሚበዛውን ገንዘብ የሚያገኘው ከመጽሔቱ ነው፣ መጽሐፉ የሚመጣው ከዓመታት በኋላ ነው። ወደ ኋላ ተከትዬ የደረስኩበት ጃንዋሪ 31 ቀን 1925 የወጣ «ፍሊንስ» የተባለ የአሜሪካ ሳምንታዊ መጽሔት ሆነ። (እዚህ የምጠቅሳቸው ቀኖችና ዓመታት ሁሉ እንደ ጎርጎርዮሳውያን አቆጣጠር ናቸው፤ የወሩንም ስም በመጽሔቱ ላይ እንደ ታተመው እተወዋለሁ።) በዚያ እትም ታሪኩ «የዐቃቤ ሕግ ምስክር» አይባልም። ርእሱ «ከዳተኛ እጆች» ነው።

ታሪኩን ገና ያላነበበ ሰው ይህን አንቀጽ ቢዘለው ይሻለዋል። በታሪኩ ፍጻሜ ጠበቃው መነጽሩን መወልወል ልማድ እንደሆነበት ልብ ይላል፤ ሰዎች ራሳቸው ስለማያውቁት ልማዳቸው እያሰበ ሳለም አንዲት ሴት እጇን ስትጨብጥና ስትዘረጋ ያየው ትዝ ይለዋል። እውነቱ ሁሉ የሚገለጥለት ከዚያች ከእጅ እንቅስቃሴ ተነሥቶ ነው። በ1925 መጽሔቱን የገዛ አንባቢ እንግዲህ ቁልፉን ከመጀመሪያው ቃል ጀምሮ በእጁ ይዞ ነበር፤ ርእሱ እጆቹን እንዲያይ እየነገረው ያነባል፣ ግን የማንን እጅ ማየት እንዳለበት አያውቅም። የምናውቀው ርእስ ደግሞ ዐይናችንን ወደ ችሎቱ ይወስደዋል። ታሪኩ አንድ ነው፣ ንባቡ ግን ሁለት ነው። ይህን ካየሁ ወዲህ የምወዳቸውን የምርመራ ታሪኮች አንድ በአንድ መጀመሪያ እስከ ወጡበት ገጽ ድረስ እከተላቸዋለሁ። የምፈልገው ቀኑን ብቻ አይደለም፤ የመጀመሪያው አንባቢ በእርግጥ ምን እንደተሰጠው ማወቅ ነው።

ለዚህ ፍለጋ ከኤድጋር አለን ፖ የበለጠ መነሻ የለም። የመርማሪ አጭር ልቦለድ መጀመሪያ ተደርጎ የሚቆጠረው «የሞርግ ጎዳና ግድያዎች» የወጣው በፊላደልፊያ ይታተም በነበረው «ግራሃምስ ማጋዚን» የአፕሪል 1841 እትም ነው። ይህ በየትኛውም መዝገብ የሚገኝ ነገር ስለሆነ አልቆይበትም። እኔን ለሳምንታት የያዘኝ ተከታዩ፣ ማለትም «የማሪ ሮዤ ምስጢር» ነው።

በጁላይ 1841 የሜሪ ሮጀርስ አስከሬን በሃድሰን ወንዝ ውስጥ ሆቦከን አጠገብ ተገኘ። ኒው ዮርክ በሚገኝ የትምባሆ ሱቅ ትሠራ የነበረች ወጣት ነበረች፤ ጋዜጦቹም ለወራት ስለእሷ ጻፉ። ፖ ጉዳዩን ወደ ፓሪስ አዛውሮ፣ ስሟን ማሪ ሮዤ ብሎ፣ መርማሪው ዱፓን በጋዜጣ ዘገባዎች ብቻ ተመርቶ እውነቱን እንዲያወጣ አደረገ። ታሪኩ «ስኖውደንስ ሌዲስ ኮምፓኒየን» በተባለ መጽሔት በሦስት ክፍል ሊወጣ ታቀደ። የመጀመሪያው በኖቬምበር 1842፣ ሁለተኛው በዲሴምበር ወጣ። ሦስተኛው ግን በጃንዋሪ አልወጣም፤ የታተመው በፌብሩዋሪ 1843 ነው። በመካከሉ የሆነው ነገር ይህ ነው፦ በኖቬምበር 1842 አስከሬኑ ከተገኘበት ብዙም በማይርቅ ስፍራ የምትኖር የእንግዳ ማረፊያ ባለቤት በጥይት ቆስላ ልትሞት ስትል ሜሪ የሞተችው በእሷ ቤት፣ ፅንስ ለማስወረድ በተደረገ ሙከራ እንደሆነ ተናግራለች ተብሎ በጋዜጣ ወጣ። ፖ ግን በሁለቱ ክፍሎች ሲገነባ የቆየው ፈጽሞ ሌላ መልስ ነበር። የመጀመሪያዎቹን ገጾች መልሶ መሰብሰብ አይችልም፤ መጽሔቱ አንባቢ እጅ ገብቷል።

አሁን በየመድበሉ የምናነበው ጽሑፍ ግን በ1845 ከወጣው የታሪኮቹ መጽሐፍ የመጣ ነው። በዚያ መጽሐፍ ፖ እዚህም እዚያም ትንንሽ ለውጦች አድርጓል፤ በእንግዳ ማረፊያው ውስጥ አደጋ ደርሶ ሊሆን እንደሚችል የሚያመለክቱ ሐረጎች ሰክቷል፤ በግርጌ ማስታወሻም የእውነተኞቹን ሰዎችና ስፍራዎች ስም እየሰጠ፣ በኋላ የተሰጡ የኑዛዜ ቃሎች የታሪኩን መደምደሚያ እንዳረጋገጡ ጽፏል። መጽሐፉን ብቻ የሚያነብ ሰው ደራሲው ከመጀመሪያው ትክክል የነበረ ይመስለዋል። ሁለቱን ጽሑፎች ጎን ለጎን አድርጌ አንዱን ዐረፍተ ነገር ከሌላው ጋር እያስተያየሁ ሳነብ፣ የተጨመረችው ሐረግ አንዳንዴ ከአራትና ከአምስት ቃል አትበልጥም፤ እንደ ልብስ ጥጋን ከሩቅ አትታይም። ቀረብ ሲሉ ግን ስፌቱ ይታያል። ፖን በዚህ አልወቅሰውም። የማዝነው ታሪኩ «በማሰብ ብቻ እውነተኛ ወንጀልን የፈታ ደራሲ» ለሚለው ዝና ማስረጃ ሆኖ ሲጠቀስ ነው፤ መጽሔቱን ላየ ሰው ያ ማስረጃ ውኃ አያነሣም።

የሦስተኛው የዱፓን ታሪክ፣ «የተሰረቀው ደብዳቤ»፣ ሌላ ወጥመድ አስተምሮኛል። የወጣው «ዘ ጊፍት» በተባለ ዓመታዊ የስጦታ መጽሐፍ የ1845 ቅጽ ነው። እንደነዚህ ያሉ ቅጾች ለበዓል ስጦታ ስለሚሸጡ በስማቸው ላይ ያለው ዓመት ከመግባቱ በፊት ገበያ ላይ ይውላሉ፤ ይህኛውም የወጣው በ1844 ነው። ስለዚህ አንዱ መዝገብ 1844፣ ሌላው 1845 ሲል ሁለቱም አልዋሹም። አንዱ የሽያጩን ጊዜ፣ ሌላው በሽፋኑ ላይ ያለውን ዓመት ወስዷል። በወርኃዊ መጽሔቶችም ላይ ይኸው ነው፤ የወሩ ስም የተጻፈበት እትም ብዙ ጊዜ ወሩ ሳይገባ ይሸጣል። ሁለት ታሪኮች የትኛው ቀደመ ተብሎ ሲከራከሩባቸው መጀመሪያ የምጠይቀው ቀኑ የሽፋን ነው ወይስ የሽያጭ የሚለውን ነው።

ወደ «ስትራንድ» ልምጣ። ጆርጅ ኒውንስ በጃንዋሪ 1891 በለንደን የጀመረው ይህ ወርኃዊ መጽሔት በጁላይ እትሙ የመጀመሪያውን የሼርሎክ ሆምስ አጭር ልቦለድ፣ «ቅሌት በቦሄሚያ»ን፣ አወጣ። ከዚያ ቀደም ሆምስ በሁለት ረጃጅም ታሪኮች ታይቶ ነበር፤ የመጀመሪያው በ«ቢተንስ ክሪስማስ አኑዋል» በ1887፣ ሁለተኛው በ«ሊፒንኮትስ» በፌብሩዋሪ 1890። አንባቢን የማረከው ግን በየወሩ ራሱን ችሎ የሚያልቅ፣ ባለታሪኩ ግን የማይለወጥ አጭር ታሪክ ነው። በተከታታይ ልቦለድ አንድ ወር ያመለጠው አንባቢ ክሩ ይጠፋበታል፤ በዚህ ዘዴ ግን በየትኛውም ወር መግባት ይቻላል። ደራሲው ኮናን ዶይል ይህን አስቦበት እንዳደረገው በግለ ታሪኩ ጽፏል።

የዚያን የጁላይ እትም ስካን ስከፍት ያየሁትን እስካሁን አልረሳሁም። ታሪኩ የሚጀምረው በገጽ 61 ላይ ነው። ከኦገስቱ እትም ጋር ሳስተያየው፣ የገጹ ቁጥር የእትሙ ብቻ ሳይሆን የቅጹ እንደሆነ ተረዳሁ፤ «ስትራንድ» ከጁላይ እስከ ዲሴምበር ያሉትን ስድስት እትሞች እንደ አንድ ቅጽ ስለሚቆጥር ጁላይ ከገጽ 1 ይጀምራል፣ ኦገስት ካቆመበት ይቀጥላል። «የቀይ ጸጉራሞች ማኅበር» በኦገስት እትም ከገጽ 190 የሚጀምረው ለዚህ ነው። ይህ ትንሽ ነገር በጣም ይጠቅማል፤ ምክንያቱም ቤተ መጻሕፍት ስድስቱን እትሞች በአንድ ጥራዝ ሲያስጠርዙ ሽፋኖቹንና የማስታወቂያ ገጾቹን አውጥተው ይጥሉ ነበር። ዛሬ በዲጂታል የሚገኙት አብዛኞቹ ስካኖች የተነሡት ከእነዚህ ጥራዞች ነው። የወሩ ስም የነበረበት ሽፋን ከሌለ፣ አንድ ታሪክ በየትኛው ወር እንደወጣ የሚነግረን የገጹ ቁጥር ብቻ ሆኖ ይቀራል።

ሽፋኑ ሲጣል የሚጠፋው ቀን ብቻ አይደለም። ከታሪኩ በፊትና በኋላ ምን ይነበብ እንደነበር፣ ለማን ይሸጥ እንደነበር የሚያሳዩ ማስታወቂያዎች አብረው ይጠፋሉ። መጽሐፎቹ ደግሞ ሥዕሉን ይቀንሱታል ወይም ጨርሰው ይተዉታል። ሁላችንም ሆምስን የምናውቅበት ባለ ሁለት ጫፍ ኮፍያ በደራሲው ቃል አልተሰጠም፤ በኦክቶበር 1891 በወጣው የቦስኮም ሸለቆ ታሪክ ደራሲው የጻፈው ራስ ላይ ጥብቅ የሚል የጨርቅ ቆብ ብሎ ነው። ያንን ቆብ የአዳኞች ኮፍያ አድርጎ የሣለው ሲድኒ ፓጀት ነው። እንግዲህ የሆምስ መልክ የተወለደው በመጽሔቱ ገጽ ላይ፣ ከጽሑፉ ጎን ባለው ሥዕል ነው።

መጽሔቱን ካላዩ በቀር የማይፈታ አንድ እንቆቅልሽም ልጨምር። «ነዋሪው ታካሚ» የተባለውን የሆምስ ታሪክ በአንዳንድ መጽሐፎች ስናነብ፣ ሆምስ የዋትሰንን ሐሳብ ከፊቱ ላይ አንብቦ የሚነግርበት ረጅም መግቢያ እናገኛለን። ያው መግቢያ ቃል በቃል «የካርቶኑ ሳጥን» በተባለው ታሪክም ውስጥ አለ። መጀመሪያ ሳየው የማተሚያ ቤት ስሕተት መስሎኝ ነበር። ነገሩ የሚፈታው በቀኖቹ ነው። «የካርቶኑ ሳጥን» በ«ስትራንድ» በጃንዋሪ 1893 ወጥቷል፤ ታሪኮቹ በ1894 በእንግሊዝ በመጽሐፍ ሲሰበሰቡ ግን እንዲቀር ተደረገ። ያ መግቢያ እንዳይባክን ተቆርጦ ወደ «ነዋሪው ታካሚ» ተዛወረ። ታሪኩ በ1917 በሌላ መድበል ሲመለስ መግቢያውንም ይዞ ስለተመለሰ አንድ ትዕይንት በሁለት ታሪኮች ውስጥ ቀረ። በመጽሔቱ ላይ ቦታው አንድ ብቻ ነበር።

የእንግሊዝንና የአሜሪካን መጽሔቶች አብሮ አለመመልከት በዚህ ፍለጋ ሰውን በብዛት የሚያሳስት ነገር ነው። ደራሲው እንግሊዛዊ ከሆነ የመጀመሪያው ኅትመት በእንግሊዝ ነው ብሎ መገመት ቀላል ነው። የጂ ኬ ቼስተርተንን «ሰማያዊው መስቀል» ውሰዱ። ብዙ መዝገቦች «ስቶሪ ቴለር» የተባለውን የለንደን መጽሔት የሴፕቴምበር 1910 እትም ይጠቅሳሉ። የታሪኩ ቄስ አባ ብራውን ግን ከዚያ ቀደም ብሎ፣ ጁላይ 23 ቀን 1910፣ በአሜሪካው «ሳተርደይ ኢቪኒንግ ፖስት» ላይ ታይቷል፤ የታሪኩም ርእስ «ቫለንቲን እንግዳ ዱካ ይከተላል» ነበር። በዚህ ርእስ ባለታሪኩ ፈረንሳዊው መርማሪ ነው፤ ትንሹ ቄስ ከጎን ያለ ሰው ብቻ ይመስላል። ለአንባቢው የሚዘጋጀው ድንገተኛ ነገር ደግሞ በትክክል ይህ ነው፤ ስለዚህ እኔ የአሜሪካውን ርእስ እመርጣለሁ። ሆምስ ከሞት የተመለሰበት «ባዶው ቤት»ም እንዲሁ በመጀመሪያ የወጣው በአሜሪካው «ኮሊየርስ» በሴፕቴምበር 1903 ነው፤ «ስትራንድ» ያወጣው በኦክቶበር ነው።

ርእስ ብቻ ሳይሆን የደራሲም ስም ይለወጣል። ዳሺየል ሃሜት ስም የለሹን የኮንቲኔንታል ድርጅት መርማሪ መጀመሪያ ያቀረበበት ታሪክ በ«ብላክ ማስክ» የኦክቶበር 1 ቀን 1923 እትም ሲወጣ የደራሲው ስም ፒተር ኮሊንሰን ተብሎ ነው። በሃሜት ስም ብቻ ማውጫ የሚፈልግ ሰው ያልፈዋል። የተራኪው ማንነትም ሊለወጥ ይችላል። ባሮነስ ኦርሲ በ1901 በ«ሮያል ማጋዚን» ላይ ያወጣቻቸውን፣ በሻይ ቤት ጥግ ተቀምጦ ገመድ እየቋጠረ ወንጀል የሚፈታውን ሽማግሌ ታሪኮች የምትተርከው ስሟ ያልተጠቀሰ ጋዜጠኛ ራሷ «እኔ» እያለች ነው። በ1909 በመጽሐፍ ሲወጡ ጋዜጠኛዋ ፖሊ በርተን የሚል ስም አገኘች፣ ትረካውም ከውጭ ሆነ። ይህን ለውጥ አልወደድኩትም። የመጽሔቱ «እኔ» ከሽማግሌው ፊት ለፊት ያስቀምጠን ነበር።

ከሁሉ ይልቅ ጊዜዬን የወሰደብኝ ግን ሲወርድ ሲዋረድ የመጣ የተሳሳተ ማስረጃ ነው። አንድ የመድበል አዘጋጅ ታሪኩን ካገኘበት ከድጋሚ ኅትመት ቀኑን ይወስዳል፤ ተከታዩ ከእሱ ይገለብጣል፤ ሃያ መጽሐፍ አንድ ቀን ስለጻፈ እውነት ይመስላል። ከ1941 ጀምሮ የወጣው «ኤለሪ ኩዊንስ ሚስትሪ ማጋዚን» ለእነዚህ ታሪኮች ትልቅ ውለታ ውሏል፤ አርታኢው ፍሬደሪክ ዳናይ የተረሱ ታሪኮችን ከየድሮ መጽሔቱ እያወጣ ለአዲስ ትውልድ አቅርቧል። ሆኖም ርእስ መቀየር ይወድ ስለነበር፣ የድጋሚ ኅትመቱን ርእስ ይዞ ወደ ኋላ የሚሄድ ሰው ግድግዳ ይገጥመዋል። እንዲህ ሲሆን ርእሱን ትቼ የመጀመሪያውን ዐረፍተ ነገር እይዛለሁ። ርእስ የሚቀይር አርታኢ የመክፈቻውን ዐረፍተ ነገር የሚነካው አልፎ አልፎ ነው፤ በዲጂታል ስብስቦች ውስጥ አምስት ስድስት ቃል አከታትሎ መፈለግ ብዙ ጊዜ በቀጥታ ወደ ገጹ ያደርሳል።

መጽሐፉ ራሱም ፍንጭ አለው። የቅጂ መብት ገጹን ልብ ብሎ ያነበበ ሰው ከደራሲው ስም በፊት የመጽሔት አሳታሚ ስምና ዓመት ሊያገኝ ይችላል። በአሜሪካ በዚያ ዘመን መብቱ ለ28 ዓመት ጸንቶ ከዚያ መታደስ ስለነበረበት የምዝገባና የእድሳት መዝገቦች በየዓመቱ ታትመዋል፤ እነሱም ታሪኩን ከእትሙ ቀን ጋር ያያይዙታል። በበጎ ፈቃደኞች ልፋት የተሰበሰበው «ፊክሽንማግስ» ማውጫ በደራሲ ስም የየእትሙን ይዘት ያሳያል፤ «ሃቲትረስት» እና «ኢንተርኔት አርካይቭ» ደግሞ ጥራዞቹን ራሳቸውን። እኔ ማውጫውን መንገድ ጠቋሚ አደርገዋለሁ እንጂ ገጹን በዐይኔ ሳላይ በደብተሬ አላሰፍርም። ይህን ደንብ ያወጣሁት ከደረሰብኝ ነገር ነው። አንድ ቤተ መጻሕፍት ባስቀመጠው ስካን ውስጥ ለሁለት ወር የፈለግሁት ታሪክ የሚጀምርበት ቅጠል ተቀድዶ ኖሮ፣ ገጾቹ ከ112 ወደ 115 ይዘላሉ። ማውጫው ታሪኩ እዚያ እንዳለ ይናገራል፣ ርእሱን ግን ማየት አልቻልኩም። ሌላ ቅጂ እስካገኝ ድረስ ያን መስመር ባዶ ተውኩት፤ ሌላው ቅጂ ሲገኝ ርእሱ በማውጫው ካለው በሁለት ቃል ይለይ ነበር።

የመጨረሻው የማነሣው ታሪክ ጭራሽ በመጽሔት አልወጣም፤ ግን ከሁሉ በላይ መነሻውን ማወቅ የሚጠቅመው እሱ ነው። የዣክ ፉትሬል «የእስር ክፍል 13 እንቆቅልሽ» የታተመው «ቦስተን አሜሪካን» በተባለ ጋዜጣ ከኦክቶበር 30 እስከ ኖቬምበር 5 ቀን 1905 ነው። አንድ ፕሮፌሰር በማሰብ ኃይል ብቻ ከእስር ቤት በሳምንት ውስጥ እንደሚወጣ ተወራርዶ ይገባል፤ ይዞ የሚገባው የጥርስ ዱቄት፣ ሃያ አምስት ዶላርና የተወለወለ ጫማ ብቻ ነው። ጋዜጣው ታሪኩን በየቀኑ እየቆራረጠ አወጣ፤ እንዴት ሊወጣ እንደሚችል ለሚመልስ አንባቢም የ100 ዶላር ሽልማት አቀረበ። ታሪኩ አንድ ሳምንት ይፈጃል፣ ጋዜጣውም አንድ ሳምንት ይፈጃል። በመድበል ውስጥ በአንድ ሰዓት የሚያልቀው ንባብ ለቦስተን አንባቢ የስድስት ሌሊት ሐሳብ ነበር። ፉትሬል በአፕሪል 1912 በታይታኒክ ሰጠመ፤ ብዙ ሌሎች ታሪኮችን ትቶልናል፣ የሚታወቀው ግን በዚህ ነው።

ቀኖቹን ካረጋገጥኩ በኋላ ታሪኩን ቀድሞ የማያውቅ ወዳጄን ጠራሁና ጽሑፉን ሰባት ላይ ከፍዬ በየምሽቱ አንድ ክፍል ሰጠሁት። በሦስተኛው ቀን ጫማው ለምን መወልወል እንዳስፈለገው ጠየቀኝ። በአምስተኛው ቀን የእስር ቤቱን ንድፍ በወረቀት ሥሎ መጣ፤ የውኃ መውረጃውን ቱቦ በቀይ አስምሮበት ነበር። በስድስተኛው ምሽት የመጨረሻውን ክፍል አሁኑኑ እንድሰጠው ለመነኝ፤ እኔም ጋዜጣው የሚወጣው ነገ ነው አልኩት።